ከእንስራው ላይ ያበስኩት ጣት

ይህን ነገር እስከ ባለፈው ሳምንት ከአፌ አውጥቼው አላውቅም። ለንስሐ አባቴ ጾም መግደፌን ነግሬያለሁ፣ እናቴን መሳደቤን ነግሬያለሁ፤ ይህን ግን ዋጥኩት። የምናውቀው እኔና የበደልኳቸው ሴት ብቻ ነን። እንግዲህ ልናገር። እኔ የሰው ጣት አበስኩ።

እማማ አስካለ የሰፈራችን ሸክላ ሠሪ ናቸው። ፊደል አልቆጠሩም። እንስራ ሠርተው ሲጨርሱ፣ ጭቃው ሳይደርቅ፣ ከመያዣው ጆሮ ሥር አውራ ጣታቸውን አንዴ ጫን ያደርጋሉ። ፊርማቸው እሱ ነው። በእኛ አገር እንስራ የምታነሳ ሴት ሁሉ ጣቷ እዚያች ስርጉድ ቦታ ላይ ሲያርፍ የማን ሥራ እንደሆነ ታውቃለች።

አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ፣ ፈተናው ጥሎኝ ቤት የዋልኩበት ጊዜ ነበር። እኔ ደግሞ መቀመጥ አልችልም። ከትምህርት ቤት ቤተ መጻሕፍት ወስጄ ያልመለስኩት መጽሐፍ ነበረኝ (እሱም ሌላ ኃጢአት ነው)፤ ውስጡ የጥንት ግሪክ እንስራ ፎቶ አለ። ቀይ ሸክላ ላይ ጥቁር ሰዎች፣ ጥቁር ፈረሶች። ሠዓሊው የተበጠበጠ ጭቃ ይቀባና በሹል ነገር እየጫረ ዓይኑን፣ ጋማውን፣ የልብሱን እጥፋት ያወጣል። እንስራው ላይ ሁለት ስም ተጽፏል ይላል መጽሐፉ፤ እገሌ ሠራኝ፣ እገሌ ሣለኝ። ሁለት ስም። አንብቤዋለሁ። አላወቅኩም ማለት አልችልም።

መጽሐፉን ይዤ እማማ አስካለ ዘንድ ሄድኩ። አገላብጠው አዩና ሰዎቹ እንዲህ የጠቆሩት ጭስ ቤት እያደሩ ነው ወይ ብለው አሳቁኝ። ከዚያ ወዲያ እሳቸው ይሠራሉ፣ እኔ እሥላለሁ። ፈረስ አልሣልኩም። ገደል አፋፍ ላይ የተደረደሩ ጭላዳ ዝንጀሮዎች ሣልኩ፤ ፀጉራቸውን በመርፌ ጫርኩት። መጀመሪያ ጥቁሩ ከእሳት ሲወጣ ቡኒ እየሆነ አስለቀሰኝ። እሳቱ መቼ በእበት ታፍኖ መቼ እንደሚገለጥ ሞክረው ሞክረው ያገኙት እሳቸው ናቸው። ጥቁሩም የሳቸው ነው እንግዲህ። የኔ መርፌው ብቻ።

መሐል ሜዳ ከተማ የወጣቶች የፈጠራ ኤግዚቢሽን ይደረጋል፣ ያሸነፈ መሸጫ ሱቅ ይሰጠዋል ተባለ። ሱቅ ሲባል የእማማ አስካለ ፊት በራ። ዕድሜያቸውን ሙሉ እንስራ አዝለው ገበያ ሲወጡ ጀርባቸው ጎብጧል። አንቺ ወጣት ነሽ፣ በስምሽ ይሁንና ሁለታችን እንቀመጥበታለን አሉኝ።

ለኤግዚቢሽኑ የሚሄደውን ሠርተው፣ ጣታቸውን ጫን አድርገው፣ እጃቸውን ሊታጠቡ ወጡ። እኔ ጨርቅ አረጠብኩና ጣቱን አበስኩት። ቦታው ላይ ስሜን ጻፍኩ።

ለምን? እኔ ስይዘው ፈጠራ የሚባለው ሥራ፣ እሳቸው ሲይዙት መንሾካሾኪያ ነው። ሰው እንስራቸውን ይገዛል፣ ዓይናቸውን ይፈራል፤ እናቴ እንኳ እሳቸው ሲያልፉ የሕፃን ፊት ትሸፍናለች። ዳኞቹ እንዳይሸሹን ብዬ ነው አልኩ ለራሴ። ውሸት ነው። ብቻዬን መደነቅ ፈለግኩ። በቃ።

እንስራውን በገለባ ጠቅልለው መሐል ሜዳ ድረስ ያዘሉት እሳቸው ናቸው። ከኋላዬ መሬት ላይ ተቀምጠው ሳለ አንዱ ዳኛ ማን ሠራው አለኝ። እኔ አልኩ። እሳቸውስ? አለኝ።

«ተሸካሚ ናቸው» አልኩ።

ሰምተዋል። ሰዉ ሲያጨበጭብልኝ እሳቸውም አጨበጨቡ። እንስራውንም መልሰው አዘሉት። መንገድ ላይ ስናርፍ አውራ ጣታቸውን ከጆሮው ሥር ሰደዱ።

«ስተኩሰው ጣቴን ባጣው ጊዜ፣ እርጅና መጣ፣ ረሳሁ ብዬ ነበር» አሉ። «አልረሳሁም ለካ።»

እንስራውን አዝለው መንገዳቸውን ቀጠሉ። ምነው በሰደቡኝ?

ሱቁ ተሰጠኝ። ሰው እንስራ ሊያዘኝ መጣ። እኔ ደግሞ ቂጡ ቀጥ ብሎ የሚቆም እንስራ መሥራት አልችልም። ስለዚህ በሸክላ ባገኘሁት ሱቅ ሰባት ዓመት የፕላስቲክ ጀሪካን ሸጥኩ። እማማ አስካለ በየገበያው እንስራቸውን አዝለው በደጄ ያልፋሉ። እንደምን ዋልሽ ይሉኛል። እኔ ጀሪካን የምደረድር መስዬ አቀረቅራለሁ። ይህን ሁሉ ዓመት አንድ ዱካ እንኳ አውጥቼ ቁጭ ይበሉ አላልኳቸውም።

ባለፈው ሳምንት ሱቁን ዘግቼ ቤታቸው ሄድኩ። ጣትዎን አበስኩ አልኩ። ስሜን ጻፍኩበት አልኩ። ተሸካሚ አልኩዎት አልኩ። ጭቃቸውን ማሸት ሳያቆሙ ሰሙኝ።

«ይህን ለማለት ሰባት ዓመት? ሞቼ ቢሆን ለማን ልትነግሪ ነበር?»

ጭቃውን አገላብጠው፣ ያቺ መርፌሽ አለች? አሉ። አለች አልኩ።

አሁን አዲሱ እንስራ በራፋቸው ላይ እየደረቀ ነው። ከጆሮው ሥር ጣታቸው አለ። ከጣቱ በታች «እማማ አስካለ ሠሩኝ» ብዬ ጽፌያለሁ፤ የኔ ስም ከጭላዳዎቹ እግር ሥር ነው። ኤግዚቢሽኑ ዘንድሮም አለ። እዚያው ቦታ ቆሜ የሆነውን በአፌ እናገራለሁ፣ የሱቁም ቁልፍ ለሁለት ይሆናል። ይህን የጻፍኩት የዚያን ቀን እንዳልሸሽ ነው። እናንተን ይቅርታ አልጠይቅም፤ የበደልኩት እናንተን አይደለም።

እሳቸውን ግን ጠየቅኳቸው፤ ይቅር ብለውኛል ወይ አልኩ። እጃቸውን በቀሚሳቸው ጠርገው እንስራውን አዩት፣ እኔን አዩኝ።

«እሱን እናያለን» አሉ። «የዘንድሮውን ግን አንቺ ታዝይዋለሽ።»