የታንከኛው አብደላ ድምፅ

ኢቲሳም ከጅዳ ወደ ሐይቅ ከተማ የተመለሰችው አባቷ ከተቀበረ በኋላ ነበር። በደርግ ጊዜ ወታደር እንደነበር ታውቃለች፤ የት እንደዋለ፣ ማን አጠገቡ እንደወደቀ ግን አልጠየቀችውም፤ እሱም አልነገራትም። ያ ሠራዊት ከተበተነ ወዲህ ወታደር ነበርኩ ማለት አንገት የሚያስደፋ ነገር ሆኖ ነበር።

በ2010 ለውጡ ሲመጣ የሰዉ አፍ ተፈታ። ኢቲሳምም የአባቷን ጓዶች እያፈላለገች ድምፃቸውን በስልኳ መቅዳት ጀመረች። መጀመሪያ ያገኘችው ሐይቁ ዳር አትክልት የሚያለሙትን ጋሽ አብደላን ነው፤ ምጽዋ ላይ ታንከኛ ነበሩ። እሳቸው ሌሎቹን ጠቆሟት። አንዱ አምባሰል ላይ የሚያርሱት የቀድሞው የሬዲዮ ሠራተኛ ጋሽ አሻግሬ ናቸው። ሁሉም ስማቸውን፣ ማዕረጋቸውንና ሰፈራቸውን ተናግረው ወደ ታሪካቸው ይገቡ ነበር።

በ2014 ጥቅምት ጦርነቱ ሐይቅ ሲደርስ ያ ስምና ሰፈር አስፈሪ ሆነ። ከተማዋን የያዙት ታጣቂዎች የቀድሞ ወታደሮችን እያደኑ ነው፣ ስልክም ይፈትሻሉ ተባለ። ኢቲሳም ከስልኳ ላይ ሁሉንም አጠፋች። የቀረው ቅጂው ያለበት ሚሞሪ ካርድ ብቻ ነበር፤ እሱን ማጥፋት አንጀቷ እምቢ አላት። ሻሿ ጫፍ ላይ ቋጥራው ከእናቷ ከኡሙሀኒ ጋር ወደ ጋሽ አሻግሬ ቤት በእግር ሸሸች።

መንገዱ ሲታጠፍ ኬላ ገጠማቸው። አንዲት ታጣቂ የሴቶቹን ሻሽ ሳይቀር እያስፈታች ትፈትሻለች። ኢቲሳም የምታስል መስላ አጎነበሰችና ካርዱን ከምላሷ ሥር ከተተችው።

"ወዴት ነው?"

ኢቲሳም በእጇ ወደ ተራራው አመለከተች።

"አንቺን እኮ ነው!"

"ጥርሷን አሟት ነው ልጄ" አለች ኡሙሀኒ ቶሎ ብላ። "መናገር አቅቷታል።"

ታጣቂዋ የኢቲሳምን ፊት ትክ ብላ አየችው። እሷ ራሷ ገና ለጋ ልጅ ናት። እጇን ወደ ኪሷ ስትሰድ ኡሙሀኒ "ያረቢ!" አለች። የወጣው ግን የማስታገሻ ኪኒን ነበር።

"እኔንም ያመኛል" አለች ታጣቂዋ፤ ኪኒኑንና ኮዳዋን ለኢቲሳም አቀበለቻት። "ዋጪ።"

ኢቲሳም ኪኒኑን ጎረሰች። ልጅቷ ንቅንቅ አላለችም።

"ዋጪው እንጂ፣ ሰው ይጠብቃል!"

ውሃው ካርዱን ከምላሷ ሥር አነሳው። ብትተፋው አለቀላት፤ አፏን ክፈቺ ብትባልም አለቀላት። ዋጠችው። ጉሮሮዋን እየቧጠጠ ሲወርድ እንባዋ መጣ።

"አይዞሽ፣ ይሻልሻል" አለቻት ልጅቷ፤ አሳለፈቻቸውም።

ጋሽ አሻግሬ የሆነውን ሲሰሙ እጃቸውን ጭንቅላታቸው ላይ ጫኑ። "አንቺ ከተረፍሽ ምን ቸገረን? እኔ እንደሁ አለሁ፣ ደግሜ አወራልሻለሁ" አሏት። ካርዱ በኋላ ከሆዷ ቢወጣም ምንም ብታደርገው አልከፈት አለ።

ታጣቂዎቹ ለቀው ሲወጡ ኢቲሳም ሐይቅ ገብታ በቀጥታ ወደ ጋሽ አብደላ ቤት ሄደች። ስኳር ነበረባቸው፤ ከተማው ውስጥ መድኃኒት ጠፍቶ አርፈዋል። ባለቤታቸው ወይዘሮ ዋሲላ ገና ሲያዩዋት፣ "ድምፁ አንቺ ዘንድ አለ አይደል? እስቲ አሰሚኝ" አሏት።

ኢቲሳም እውነቱን ነገረቻቸው።

"አንቺ ሰምተሽው የለም እንዴ?" አሉ ዋሲላ። "በይ ያለሽን ንገሪኝ።"

ኢቲሳም ስልኳን መሀላቸው አስቀምጣ መቅጃውን ከፈተች። ታንኩ እሳት ሲይዝ ጋሽ አብደላ በላይኛው በር እንዴት ዘለው እንደወጡ ተናግራ ሳትጨርስ ዋሲላ አቋረጧት።

"ለዚህ ነዋ የቤት በር ተዘግቶ መተኛት ያቅተው የነበረው።"

"እሱን አልነገሩኝም።"

"ለእኔም አልነገረኝ። ስንት ዘመን አብሬው ብርድ ተመታሁ እንጂ።"

የከሰዓቱ የአስር ሶላት እስኪደርስ ተራ በተራ ሲያወሩ ዋሉ።