«ኦኬ» ያልኩበት ቀን

መጀመሪያ ያየሁት ግድግዳውን ነው። አገር ቤት ሰልፍ ወጥቼ በታሰርኩበት ክፍል ግድግዳው ሁሉ የሰው ስም ነበር። እዚህ አሜሪካ፣ ሚኒሶታ የታሰርኩበት ግን ነጭ ነው፤ ሰው የነካው አይመስልም። የሲሚንቶው ብርድ በካልሲዬ ዘልቆ ይገባል። ጥገኝነት ጠይቄ ውሳኔ ስጠብቅ ነበር የኢሚግሬሽን ፖሊሶች የያዙኝ።

በሦስተኛው ቀን ጠበቃ መጣችልኝ። ወላጆቿ ከስሪላንካ የመጡ፣ እዚያው ሚኒሶታ ኩን ራፒድስ የሚባል ከተማ ያደገች አጭር ሴት ናት። ፋይሌን አገላብጣ ፊቷ ጠቆረ። አስተርጓሚያችን በስልክ ነበረች፣ የአገሬ ልጅ።

«ወንድሜ፣ አገሬ ልመለስ ብለህ ተስማምተሃል ወይ ነው የምትልህ።»

«እኔ? መቼ?»

«ኢንተርቪው ሲያደርጉህ ሦስቴ ‹ኦኬ› ብለሃል። ሪፖርቱ ላይ አለ። ነገ የመመለሻውን ፎርም ሳይን እንድታደርግ ያመጡልሃል።»

ክው አልኩ። ብመለስ የሚጠብቀኝን አውቀዋለሁ።

ታሪኬን ከሥር መሠረቱ ነገርኳት። ጠበቃዋ ግን በየመሀሉ ራሷን ግራና ቀኝ ትነቀንቃለች። ውሸታም ያለችኝ መሰለኝ፤ እኔ ደግሞ ቱግ አልኩ።

«ካላመነችኝ ትሂድ በያት!»

ጠበቃዋ ይህን ስትሰማ ደነገጠች፤ ከዚያ ሳቀች።

«ኧረ አይደለም ትላለች» አለች አስተርጓሚዋ። «እነሱ ቤት እንደዛ ሲያደርጉ ‹እየሰማሁህ ነው፣ ቀጥል› ማለት ነው።»

እኔም አፍሬ ሳቅሁ። ወዲያው አንድ ነገር ብልጭ አለልኝ።

«የእኔም ‹ኦኬ› እኮ ያው ነው! ‹እሺ› ማለቴ ነው። ሰው ሲናገር ዝም ይባላል እንዴ?»

«ውይ በሞትኩት!» አለች አስተርጓሚዋ፤ ለጠበቃዋም ረጅም ማብራሪያ ሰጠች። ጠበቃዋ እስክሪብቶዋን አነሳች።

«እናትህ ጃኬት ልበስ ብትልህ ምን ትላታለህ?»

«እሺ እላታለሁ።»

«ትለብሳለህ?»

«አልለብስም።»

በማግስቱ አንድ የኢሚግሬሽን መኮንን ፎርሙን አመጣ። በአክብሮት ተነሥቼ ቆምኩና «ኖ፣ አልፈርምም» አልኩት። አገር ቤት ለመርማሪ እንቢ ስል እየጮህኩ ነበር። ይህን ግን በዝግታ ነው ያልኩት።

ከወራት በኋላ ጠበቃዬ ዳኛው ፊት ስለ «እሺ» ስትከራከርልኝ የቋንቋ መምህር ነበር የምትመስለው። ረታች።

አሁን እዚሁ ሚኒሶታ፣ ኒው ሆፕ ከተማ እኖራለሁ፤ እሷም የምክር ቤት አባል ሆናለች። ፖለቲከኛ ሲባል ስሸሽ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ አንዷን ግን ከልቤ እወዳታለሁ። መጀመሪያ ስትወዳደር አማካሪዎቿ የእኔን ታሪክ በየመድረኩ እንድትናገር ገፋፏት። ደውላ አስፈቀደችኝ። ወንድሜ ገና አገር ቤት ነበር፣ ፈራሁለት፤ ይቅርብኝ አልኳት። በጥቂት ድምፅ ተሸነፈች። ያም ሆኖ ስለ እኔ ትንፍሽ አላለችም። በሁለተኛው ምርጫ ስታሸንፍ ወንድሜም ከአገር ወጥቶ ነበርና እኔው ደወልኩላት።

«አሁን ብትናገሪው ግድ የለም።»

«ያንተ ነው፤ ከፈለግህ አንተው ተናገረው» አለችኝ።

ይኸው ተናገርኩት።