ለግሪሳ የተዘረጉ ካሴቶች

አንድ ዓመት ዕረፍት የጠየቅሁት እኔ ነበርሁ። የተሰጠው ግን ለአገሩ ሁሉ ነው።

የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ውጤቴ ጥሩ ነበር። ሩቅ ደቡብ ያለ ዩኒቨርሲቲ ተመደብሁ። በከተማችን በመርሳ ጎረቤቱ ሁሉ «ማብሩክ» ብሎ ሲጨርስ እኔ መሄድ አልፈለግሁም። ፈርቼ አልነበረም፤ ታምሜም አልነበረም። ደክሞኝ ነው። አሥራ ሁለት ዓመት ሌሎች የጻፉትን ከሰሌዳ ስገለብጥ ኖሬ፣ አንድ ዓመት ደግሞ የራሴን ደብተር ልሙላ አልሁ። ለአባቴ የነገርሁት በሬዎቹን ፈትቶ ሲገባ ጠብቄ ነው።

«ዕረፍት?» አለ። «ከምን?»

«ከትምህርት።»

«ትምህርት ያደክማል እንዴ?»

«አርሰህ ስትገባ እንደሚደክምህ ነው አባዬ።»

«እኔስ ደክሞኝ ዓመት ሙሉ ተኝቻለሁ?»

«ብትተኛ ኖሮ እንዲህ ቁጡ አትሆንም ነበር።»

ሳቁን በጋቢው ሸፈነ። አክስቴ ግን አልሳቀችም። አክስቴ የአባቴ ታናሽ እህት ናት፤ ጂዳ ሰው ቤት ብዙ ዓመት ሠርታ ተመልሳ ከግቢያችን ጎን ትኖራለች። እዚያ ያየችውን መከራ ስታወራልኝ ትውልና መጨረሻ ላይ «ያንቺ ግን ይለያል» ትለኛለች። ለምን እንደሚለይ ነግራኝ አታውቅም።

«ዓመት ሙሉ እቤት ለምትቀመጥ ሴት ልጅ ምን እንደሚመጣላት ታውቂያለሽ?» አለችኝ።

«ምን?»

«ባል። ይልቅ ፓስፖርት አውጪ። ማዳሜ ዛሬም ሰው ላኪልኝ እያለች ትደውላለች። ሻንጣውም አለልሽ።»

ሻንጣው አልጋዋ ሥር ነው። ትልቅ፣ ቀይ፣ ባለ ጎማ፤ የአውሮፕላኑ ወረቀት እስከ ዛሬ እጀታው ላይ ታስሯል።

አባቴ ለሁለታችንም በአንድ ቃል ፈረደ። «ዓመቱን ውሰጂ። የወንዝ ዳሩን ማሽላ ግን አንቺ ትጠብቂያለሽ። ማሽላው ከገባ ዩኒቨርሲቲሽ ትሄጃለሽ። ወፍ ከበላው ግን ታናናሾችሽ የሚበሉት የለም፤ ያን ጊዜ አክስትሽ ያለችው ይሆናል።»

«ኢንሻአላህ» አለች አክስቴ። የትኛውን እንደሆነ አልጠየቅኋትም።

ከዚያ ለዩኒቨርሲቲው ማመልከቻ ጻፍሁ። መግቢያዬን ወደሚቀጥለው ዓመት እንዲያዛውሩልኝ። ምክንያት የሚለው ቦታ ላይ «ማረፍ ፈልጌ» ብሎ መጻፍ እንደማያዋጣ ገባኝ። ስለዚህ ሰው ሁሉ እንደሚጽፈው «በቤተሰቤ ላይ በደረሰ ከአቅም በላይ የሆነ ችግር» ብዬ ጻፍሁ። በጊዜው በቤተሰቤ ላይ ምንም አልደረሰም ነበር። ላማችን ወልዳለች፤ ታናሽ ወንድሜ ጥርሱን ነቅሏል፤ በቃ። ግን ዓረፍተ ነገሩ ሲነበብ እንዴት ያምር ነበር! ወልድያ ድረስ ሄጄ በፖስታ ላክሁት። መልሱ «ተፈቅዷል» ሲል፣ በሕይወቴ መጀመሪያ ጊዜ የጻፍሁት ነገር ሠራልኝ ብዬ ቀኑን ሙሉ ብቻዬን ስስቅ ዋልሁ።

ችግሩ ወር ከምናምን ቆይቶ መጣ። የጻፍሁትን ያህል ከአቅም በላይ ነበር።

ስለ ጦርነቱ የሚጽፉ ሌሎች አሉ፤ እኔ የማውቀው ከማማዬ ላይ የታየኝን ነው። በሲሪንቃ በኩል መድፍ ተሰማ። ከዚያ በውርጌሳ በኩል ተሰማ። ስልኩ ዝም አለ፤ መኪና ቀረ፤ ሱቆቹ ጨው ጨረሱ። እናቴ ታናናሾቼን ይዛ ግራና ከተማ ወዳለው አባቷ ቤት ሄደች። አባቴ ማሽላውን ትቶ አልሄድም አለ። አክስቴ «እኔ ከጂዳ የሸሸሁ ሰው ነኝ፤ በዕድሜዬ አንዴ ይበቃኛል» ብላ ቀረች። እኔ የቀረሁት በውላችን ነው። ከተማውን ታጣቂዎች ይዘውታል፤ እኛ ከከተማው ጫፍ ወንዙ አጠገብ ነን።

የማሽላ ጥበቃ በድምፅ የሚሠራ ሥራ ነው። ማማ ላይ ትወጫለሽ፤ ጅራፍ ታጮሂያለሽ፤ ድንጋይ ትወነጭፊያለሽ፤ ጉሮሮሽ እስኪዘጋ «ሁዋ!» ትያለሽ። በዚያ ዓመት ግን የታችኛው ማሳ ጎረቤታችን አንድ ቀን ጠዋት ጅራፉን ሲያጮህ አምስት ታጣቂ እየሮጠ ደረሰበት። ተኩስ መስሏቸው ነው። ምንም አላደረጉትም፤ ጅራፉን ቆራርጠው ጣሉትና ሄዱ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በወንዙ ዳር ጅራፍ አልጮኸም። አባቴ ወንጭፉንም ከለከለኝ፤ «ድንጋይሽ ማን ላይ እንደሚያርፍ አታውቂም» አለ። መጮህም ቀረ። አፌን ይዤ ማማ ላይ ተቀመጥሁ። ደብተሬን ይዤ ነበር፤ ብዙ ጻፍሁ፤ ግሪሳ ወፉም ብዙ በላ።

ማሽላ ፍሬው ወተት ሲይዝ በጣት ስትጫኚው ነጭ ይወጣዋል። ያን ቀን ግሪሳ እንዴት እንደሚያውቀው አላህ ይወቅ። እንደ ጭስ ሆኖ በአንድ ጊዜ መጥቶ ያርፋል፤ ሲነሳ ዛላው ባዶ መጥረጊያ ሆኖ ይቀራል። በሦስት ቀን የላይኛው ጥግ አለቀ። አክስቴ ጥጉን አይታ መጣችና ወዲያው ዓረብኛ ታስተምረኝ ጀመር።

«ተዓሊ ማለት?»

«ነይ።»

«ሹፊ?»

«እዪ።»

«በይ ግማሹን አወቅሽ። ሌላው መጥረግ ነው።»

ከጂዳ ያመጣቻቸው የዓረብኛ መማሪያ ካሴቶች ነበሯት፤ ለእኔ ብላ በአባቴ የካሴት ሳጥን ውስጥ አስቀምጣቸዋለች። ካሴት የሚለውን ሳስብ ነው አንድ ነገር ትዝ ያለኝ። ወደ ወልድያ ስሄድ ሲሪንቃ ላይ ከመኪናው መስኮት የሙከራ ማሳ አይቼ ነበር፤ በማሽላው ላይ ከእንጨት እንጨት የሚያብረቀርቅ ጥቁር ክር ተወጥሯል። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ «የካሴት ክር ነው፤ ነፋስ ሲመታው ይጮኻል፣ ወፍ ይፈራዋል» ብለውኝ ነበር።

ለአባቴ ነገርሁት። አባቴ በወጣትነቱ አሰብ ወደብ ሠርቶ ይዞት የመጣው ንብረት አንድ ቴፕና አንድ የቆርቆሮ ሳጥን ሙሉ ካሴት ነው። ሌላ ሰው መሬት እንደሚያሳይ እሱ ሳጥኑን ያሳያል። የባትሪ ድንጋይ ከገበያ ከጠፋ ጀምሮ ቴፑ አልዘፈነም፤ ቢሆንም በየጁምዓው ካሴቶቹን አቧራ ይጠርግላቸዋል።

ሳጥኑን አምጥቶ ከፈተና መጀመሪያ ያነሳው የአክስቴን ነው።

«ወንድምዓለም! ያ እኮ የልጅቷ ትምህርት ነው!» አለች አክስቴ።

«ግሪሳው ይማርና እሱ ይሂድልሽ» አለ፤ ፈታው።

ቀጥሎ የማይወዳቸውን ሰጠኝ፤ ቀጥሎ የሠርግ ዘፈኖቹን። የአምባሰልና የትዝታዎቹ ጋ ሲደርስ እጁ ቆመ። መንዙማዎቹን ለብቻ አድርጎ በጨርቅ ጠቀለለና «እነዚህን አትንኪ» አለኝ። አልነካኋቸውም።

ክሩ ዝም ብለሽ ብትወጥሪው አይጮኽም። ይህን ለማወቅ አንድ ቀን ፈጀብኝ። መሐል ላይ አንዴ ጠምዘዝ ማድረግ አለብሽ፤ ያን ጊዜ ከሰዓት በኋላ ከአፋር በኩል የሚነሳው ነፋስ ሲያገኘው እንደ ንብ ቀፎ ያጉረመርማል፤ ፀሐይም ላዩ ላይ ትቆራረጣለች። የመጀመሪያው የግሪሳ ደመና መጥቶ ከላያችን ዞረ፤ እንደገና ዞረ፤ ከዚያ ወደ ወንዙ ማዶ ሄደ። ማማው ላይ ሆኜ እጄን አፌ ላይ አድርጌ ዘለልሁ። መጮህ ክልክል ነውና።

ዓረብኛውም ሠርጉም ነፋስ ሲመታው አንድ ዓይነት ነው የሚጮኸው። ለአባቴ ስነግረው አልተቀበለኝም። «የአምባሰሉ ይለያል፤ አታዳምጪም» አለ።

ታጣቂዎቹ የመጡት በሳምንቱ ረፋድ ላይ ነው። አራት ናቸው። አለቃቸው አባቴን የሚያክል ሰውዬ ነው፤ አማርኛው ከበድ ይላል። ከማማው ውረጂ አለኝ፤ ወረድሁ።

«ይኼ ሽቦ ምንድን ነው?»

«ሽቦ አይደለም፤ የካሴት ክር ነው።»

«ምን ይቀዳል?»

«ምንም አይቀዳም። ወፍ ያባርራል።»

ሦስቱ ተያዩ። አባቴ ከአገዳው መሐል ብቅ አለና «የድሮ ዘፈን ነው ወንድሜ» አለ።

«ምን ዘፈን?»

አባቴ ያን ሰሞን ከእኛ ጋር እንኳ ብዙ አያወራም ነበር። ማጭዱን እንደያዘ፣ ሰውዬውን ሳያይ፣ ማሽላውን እያየ በለሆሳስ አንጎራጎረ። አምባሰል ነበር። አንድ ስንኝ ጨርሶ አቆመ። ሰውዬው ጆሮውን ወደ ክሩ አስጠጋ፤ ነፋስ ስላልነበረ ምንም አልሰማም።

«አውቀዋለሁ» አለ። ከዚያ እጁን ወደ አስፋልቱ ዘረጋ። «በመንገዱ በኩል ያለውን አውርዱት። ከሩቅ የሬዲዮ ሽቦ ይመስላል። እኔ አይቼ ትቼዋለሁ፤ ሌላው መጥቶ ይተኩሳል።»

ሊሄድ ሲል አንድ ዛላ ጎንበስ አድርጎ ፍሬውን በጣቱ ተጫነው። «ሦስት ሳምንት ይቀረዋል።»

«ሁለት» አለ አባቴ።

«ሦስት።»

«መሬቱን አላወቁትም፤ ሁለት ነው።»

ሰውዬው ዛላውን ለቆ ሄደ። እኔ በመንገዱ በኩል ያለውን ክር አወረድሁ። ግሪሳው በማግሥቱ በዚያ በኩል ገባ። ሁለት ቀን ቆሜ አየሁት። በሦስተኛው ቀን አባቴ ሳጥኑ ውስጥ የቀረውን የመጨረሻ ትዝታ ይዞ መጣና ራሱ ማሳውን ለሁለት ከፍሎ መሐሉ ላይ ወጠረው። «ከዚህ ወዲያ ያለው የወፎቹ ነው፤ ከዚህ ወዲህ ያለውን ጠብቂ» አለኝ። ሲጠመዝዘው ከእኔ ይልቅ ያውቅበት ነበር።

በሁለት ሳምንት ከሦስት ቀን አጨድን። ሁለቱም ትንሽ ትንሽ ተሳስተዋል።

ታጣቂዎቹ ሄደው መንገዱ ሲከፈት እናቴ ታናናሾቼን ይዛ ተመለሰች። የዩኒቨርሲቲው ጥሪም በስልኬ ገባ። ማሽላው ጎተራ ውስጥ ነበር፤ ግማሹ ማለቴ ነው። ውላችን ስለ ግማሽ ምንም አላለም። ሁላችንም በተቀመጥንበት አክስቴ አነሳችው።

«ወንድምዓለም፣ ግማሽ ከገባ ግማሽዋን ነው የምትልካት?»

እናቴ ወደ እኔ አየች። እኔ ወደ ጎተራው አየሁ። አባቴ ተነሳና ክንዱን እስከ ብብቱ ወደ ጎተራው ከተተ፤ የሚለካ ይመስል ቆየ። ከዚያ በቁና ሞልቶ አወጣና እናቴ ፊት አስቀመጠው።

«ይህን ቆሎ ቁዪላት» አለ። «መንገዱ ሩቅ ነው።»

በዚህ አለቀ። አክስቴ ወጥታ ሄደች። ተቆጥታ መስሎኝ ነበር። ስትመለስ ቀዩን ሻንጣ እየጎተተች ነው፤ በእርጥብ ጨርቅ ወልውላዋለች፤ ወረቀቱን ግን ከእጀታው አልፈታችውም።

«አንዱ ጎማ አይሠራም» አለችኝ። «በግራ በኩል ዘንበል አድርገሽ ጎትቺው። አብሽሪ።»

በዩኒቨርሲቲው ሬጅስትራር ቢሮ በር ሻንጣውን እንደዚያው ዘንበል አድርጌ እየጎተትሁ ገባሁ። መዝጋቢው ፋይሌን አውጥቶ የላክሁትን ማመልከቻ አነበበ፤ ቀኑን አየ፤ የመጣሁበትን አገር አየ፤ እንደገና ቀኑን አየ።

«ይህን ስትጽፊ እኮ ጦርነቱ ገና እናንተ ጋ አልደረሰም» አለ። «ከአቅም በላይ የሆነው ችግር ምን ነበር?»

አሰብሁ። ዋሽቼ ነበር ማለት ይቻላል። ግን እውነት ሆኖ ነበር።

«ግሪሳ ወፍ» አልሁት።

እስክርቢቶውን አስቀመጠ። ሻንጣዬን አየ፤ የጂዳውን ወረቀት አየ፤ ምን እንዳሰበ አላውቅም። ከዚያ ፎርሙን ወደ እኔ ገፋልኝ።

«እኔ እንዴት ብዬ ልጻፈው? ራስሽ ሙዪው።»

የተተወልኝ ቦታ አንድ መስመር ነበር። አንዷን መስመር ጨረስሁና ወረቀቱን ገልብጬ በጀርባው ቀጠልሁ።