ሳይነካ የቆየ እልልታ

ሹፌሩ ሲያገባ እንኳ እልል አልተባለለትም። መንግሥት «እናንተ የምትባሉ ሕዝብ የላችሁም» ብሎ የወንዝ ዳር መሬታቸውን ለሌላ የሰጠ ጊዜ፣ ወገኖቹ «በስማችን እስክንታወቅ እልልታ በደጃችን አይሰማ» ተባብለው ተማምለው ነበር።

ከዚያ ወዲህ የወገኖቹን ሽማግሌዎች ለአቤቱታ ወደ ዋናው ከተማ ሲያመላልስ ፀጉሩ ሸበተ፤ ሚኒባሷም እንደ ጌታዋ ማሳል ጀመረች። መልሱ ሁልጊዜ «ሳምንት ተመለሱ» ነበር።

ዛሬ ግን የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ «ሕዝብነታችሁም መሬታችሁም ጸድቋል» አላቸው።

ከከተማው እንደወጡ ሹፌሩ ሬዲዮውን ዘጋና ልቡ እንደ ሙሽራ እየመታ እልልታውን ጠበቀ። በመስታወቱ ሲያይ ግን ሽማግሌዎቹ አንዱ በሌላው ትከሻ ላይ ተደፍተው ያንኮራፋሉ። ያልተኛችው አብራቸው ስትመላለስ የኖረችው አክስቱ ብቻ ናት።

«አክስቴ፣ እልልታውስ?»

«ተወኝ ልጄ፣ ጉሮሮዬም ጉልበቴም አልቋል። ይሄን ሁሉ ዘመን ያልሻገተ እልልታ አንድ ሌሊት ቢያድር አይበላሽም።»

«የሠርጌንም ጭምር ነው እኮ!»

«የሱንማ ለሚስትህ ነው የማቀልጠው፤ አንተን ችላ ለኖረችው!» አለችና እሷም ዓይኗን ጨፈነች።

ሹፌሩ ድምፁን አፍኖ ሳቀ። የመንገዱን ጉድጓድ ሁሉ እንደ ጎረቤት ያውቀዋልና፣ ማንንም እንዳይቀሰቅስ እየዞረ፣ ቀስ ብሎ ነዳ።