አንድ ግጥም ለሁለት አፍ

በጎንደር አውቶ ፓርኮ፣ የጭነት ማኪኖች ከሚያድሩበት ግቢ ፊት ለፊት፣ የእንኳየሁ ጠጅ ቤት ነበረ። ቤቱን ሰው የሚያውቀው በጠጁ ብቻ አልነበረም። ሞቅ ብሎት «ባንዳ» የሚል ቃል ያነሣ ሁሉ፣ ሹምም ይሁን ሾፌር፣ እንኳየሁ ብርሌውን ከእጁ ተቀብላ በሩን ታሳየው ነበር። «ጠጄ ምላስ ያጥባል ብዬ ነበር፤ ያንተን አልቻለውም» ትላለች። የተባረረው በማግሥቱ ይመለሳል። ቃሉን ግን አይደግመውም።

ምክንያቱን ሰፈሩ ያውቃል። ባሏ አድማሴ በጣሊያን ጊዜ የጭነት ማኪና ረዳት ነበር። ከጎንደር ተነሥቶ፣ በደባርቅ አድርጎ፣ ወደ አዲ አርቃይ ለመንገዱ ሥራ ኖራ ያመላልሳል። በ1932 ዓ.ም. ክረምት ሊማሊሞ ቁልቁለት ላይ አርበኞች ማኪናውን አድፍጠው መቱት፤ ሾፌሩና አድማሴ ሞቱ። ድንጋይ ተከመረባቸውና ከመንገዱ ዳር ቀሩ።

ጣሊያን ሲወጣ እንኳየሁ የባሏን አጽም አፍልሳ ከአጥቢያዋ ቤተ ክርስቲያን ለማሳረፍ ጠየቀች። የአጥቢያው ሽማግሎች አለቃ ግራዝማች ቢያዝን ነበሩ። «ከጣሊያን ማኪና ላይ የሞተ የጣሊያን ሰው ነው» አሉ። «የባንዳ አጽም ከአርበኛ አጽም ጎን አይተኛም።» በዓመቱ ተመልሳ ጠየቀች፤ እሳቸውም ያንኑ መለሱ። ስምንት ዓመት እንዲህ ሄደ። በስምንተኛው ዓመት ግራዝማች ሰለቻቸውና፣ «እንኪያስ ባንዳ ላለመሆኑ ሁለት ምስክር አምጪ» አሏት። ከየትም እንደማታመጣ እርግጠኛ ነበሩ።

አንዱን ምስክር ግን እንኳየሁ ታውቀዋለች፤ አዝማሪው አያ ዋኘው ነው። ከማክሰኝት እስከ ደባርቅ በማሲንቆ የሚስተካከለው አልነበረም። ክፋቱ፣ በጣሊያን ዘመን በመኮንኖቹ ክበብ ውስጥ ይጫወት ነበር። እዚያ ከጣሊያን ቅጥር ወታደሮች አንዱን አስካሪ ወዳጅ አድርጎ፣ ከግምጃ ቤቱ ጥይት ጥቂት በጥቂት ያወጣል፤ አድማሴ በኖራ ጆንያ ሥር ደብቆ ወደ አርበኞቹ ያደርሳል። ይህን ለእንኳየሁ የነገራት በነጻነቱ ሰሞን ነው።

«ምነው ታዲያ ለሰው አትናገርም፣ አያ?»

«ማን ያምነኛል? ባንቺአየሁ ስሜን በልታ ጨርሳዋለች።»

እውነቱን ነበር። ባንቺአየሁ በሰሜን ደጋ ከወንድሟ ጭፍራ ጋር አምስቱን ዓመት በዱር የከረመች ዘፋኝ ናት። ድምጿ ከገደል ማዶ ይሰማል ይባልላታል። ጎንደር እንደገባች የመጀመሪያ ዘፈኗን ያወጣችው የጣሊያን እንጀራ በበላው ማሲንቆ ላይ ነበር፤ ዘፈኑን ልጅ አዋቂው ያዘው። ከዚያ ወዲህ ሁለቱ ከአንድ ጣራ ሥር ገብተው አያውቁም። ሠርግ የደገሰ ሰው ወይ እሱን ወይ እሷን ይጠራል።

በ1942 የገና ጾም ገባ። በጾም አዝማሪ አይዘፍንም፤ ዋኘውም እንደ ልማዱ ማሲንቆውን ከእንኳየሁ ግድግዳ ላይ ሰቅሎ ወደ አገሩ ሄደ። እሱ አለመኖሩን የሰማችው ባንቺአየሁ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ቤቱን ረገጠች።

«ይህ የማን ነው?» አለች ማሲንቆውን በአገጯ እያሳየች፤ እያወቀች።

«የአያ ዋኘው ነው።»

«ጣሊያን ያስጨፈረ ጭራ ሰቅለሽ ነው የምትጾሚ?»

«ጭራው የፈረስ ነው። የፈረስ ሃይማኖት አይጠየቅም። ይልቅ ጠጅሽን ያዢ።»

ባንቺአየሁ ብርሌውን ልትቀበል እጇን ዘረጋች። ከመዳፏ እስከ አንጓዋ ድረስ ነጭ፣ የተጨማደደ ጠባሳ ነበረባት። እንኳየሁ ብርሌውን ሳትለቅ ቆየች።

«እጅሽን ምን ነካው?»

«እሳት።»

«እሳት አይደለም። የኔ ጠጪዎች ግንበኞች ናቸው፤ ኖራ የበላው እጅ አውቃለሁ። ዘፋኝ ከኖራ ምን አገናኛት?»

ባንቺአየሁ ተቀመጠች። ጠጁን አልቀመሰችውም።

«ሦስት ቀን እህል አልቀመስንም ነበር» አለች። «ሊማሊሞ ላይ የመታነው ማኪና ሲቆም ጆንያዎቹን አየን። ነጭ ነው፤ ዱቄት መሰለን። ማንንም ሳልጠብቅ ቀድሜ ፈታሁት። ዝናብ ነበር፤ እጄ ርሷል፤ እስከ አንጓዬ ነከርሁት።»

«ከሥሩስ?»

«ከሥሩ በጨርቅ የተጠቀለለ ጥይት ነበር። ያ ሁልጊዜ የሚመጣልን ጥይት ነበር፣ እንኳየሁ። በማን በኩል እንደሚመጣ አናውቅም ነበር።»

«አሥር ዓመት ሙሉ ይህን ይዘሽ ዝም አልሽ።»

«ተኩሱን ያዘዘው ወንድሜ ነው። እሱም ወር ሳይሞላው ወደቀ። ደጋው ሁሉ በስሙ ይምላል። የገዛ ወገኑን ገደለ ልበል?»

«የኔም ባል ስም ነበረው።»

ባንቺአየሁ ነጠላዋን ሰብስባ ወጣች። እንኳየሁ ያልተቀመሰውን ጠጅ ወደ ጋኑ አልመለሰችውም፤ ደጅ ላይ ደፋችው። አሁን ሁለት ምስክር አላት። ሁለቱ ግን ግራዝማች ዘንድ አብረው ይቁሙ ቢባሉ፣ ዓይን ለዓይን መተያየት እንኳ አይፈልጉም።

ዋኘው በገና ዋዜማ ሲመለስ ባንቺአየሁ ያለቻትን ነገረችውና፣ አብራችሁ ቁሙልኝ አለችው።

«ከሷ ጋር?» አለ። «ከሷ ጋር ከምዘፍን ማሲንቆዬን ምድጃ ይብላው።»

«ከሷ ጋር ዝፈን ማን አለህ? ነገ ገና ጨዋታው ሜዳ ላይ ግጥም እሰጥሃለሁ። ትቀበለኛለህ?»

ዋኘው ማሲንቆውን ከግድግዳው አወረደ። አዝማሪ የተሰጠውን ግጥም አልቀበልም ካለ፣ ከዚያ በኋላ ተቀበል የሚለው አያገኝም። ይህን ደግሞ ከጠጅ ቤት ባለቤት የበለጠ የሚያውቅ የለም።

የገና ዕለት የላይ ሰፈርና የታች ሰፈር ወንዶች ሩሯን፣ የእንጨት ኳሷን፣ በገና በትር ሲያሯሯጡ ዋሉ። ታች ሰፈር አሸነፈ፤ ባንቺአየሁም እንደ ወትሮው ለአሸናፊዎቹ ልትዘፍን መሐል ገባች። ላይ ሰፈሮች በሽንፈታቸው እያጉረመረሙ ሳለ፣ ዋኘው ማሲንቆውን ይዞ ከበስተኋላቸው ብቅ አለ። የሰዉ ጫጫታ ቀነሰ። ባንቺአየሁ አየችውና ፊቷን አዞረች።

እንኳየሁ ከሴቶቹ መሐል ተነሥታ ወደ ክቡ ገባች።

«አንቺ ሴትዮ፣ ወዴት ነው?» አሉ ግራዝማች ከወንበራቸው።

«ግጥም ልሰጥ ነው፣ ግራዝማች። በገና ጌታ አይቆጣም ብለው ያስተማሩን እርስዎ ነዎት።»

ሰዉ ሳቀ። ግራዝማችም ለክብራቸው ሲሉ ፈገግ ማለት ግድ ሆነባቸው።

እንኳየሁ ወደ ዋኘው ዞረች። «ተቀበል» አለችው።

«*ጥይት በኖራ ውስጥ ሰውሬ ሰደድሁ።*»

የዋኘው ደጋን ማሲንቆው ላይ ቀረ። አሥር ዓመት ሙሉ ሊለው የፈለገውን ቃል ሰው ከአፉ ነጥቆ መልሶ ሰጠው። አንገቱን ደፍቶ ማሲንቆውን መታ፤ ስንኙንም በዚያ በሚታወቀው ድምፁ ተቀበለ። አንዴ፣ ከዚያ ሁለተኛ።

እንኳየሁ ሁለተኛውን ስንኝ አልሰጠችም። ወደ ባንቺአየሁ ዞረች።

«ቀሪውን የምታውቂው አንቺ ነሽ። እኔ አልነበርሁም።»

ግጥሙ ግማሽ ሆኖ ቀረ። ማሲንቆው ያንኑ ዜማ እያዞረ ይጠብቃል። ከታች ሰፈር በኩል አንዱ «ተይው፣ ባንቺአየሁ፤ የሱን ዜማ አትንኪ» አለ። እሷ ግን መዳፎቿን እያየች ነበር። አፏን ስትከፍት ድምጿ መጀመሪያ ሻከረ፤ ከዚያ ጠራ።

«*ጆንያውን ፈትቼ እጄን ተቃጠልሁ።*»

እጆቿንም ሁሉም እንዲያይ አነሣች። ዋኘው ቀና ብሎ አያት። የሚቀጥለውን ማንም አልሰጠውም፤ ራሱ አወጣው፦

«*ወዳጅ ነበረ እንጂ ባንዳስ አልነበረም፣*»

እሷም ሳታቆም፦

«*የገደልነው እኛ ነን፣ ዛሬስ አልደብቅም።*»

መጀመሪያ ያጨበጨቡት የተሸነፉት ላይ ሰፈሮች ናቸው። ከዚያ ሜዳው ሁሉ ያዘው። አንድ ማሲንቆ፣ ሁለት ጉሮሮ፣ እየተቀባበሉ ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ ዘፈኑት፤ በዘፈኑት መጠን የአድማሴ ስም እየጠራ ሄደ።

ግራዝማች ሲነሡ፣ «የአዝማሪ ቃል ምስክርነት አይሆንም» አሉ።

«ሁለት ምስክር ነው ያሉኝ» አለች እንኳየሁ። «ሥራቸው ምን ይሁን አላሉኝም።»

መልስም አልጠበቀች። ጥምቀት ሳይደርስ ከአውቶ ፓርኮ ማኪና ተሳፍራ ሊማሊሞ ወረደች፤ የባሏን አጽም በሣጥን፣ በነጠላ ሸፍና አመጣች። የቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር በር ላይ ግራዝማች ከዘራቸውን ይዘው ቆመዋል።

«የማን አጽም ነው?» አሉ፣ የማያውቁ ይመስል።

«ከተማው እየዘፈነው የማን እንደሆነ አልሰሙም?»

ከበስተኋላዋ የተከተላት ሰው ብዙ ነበር፤ ከመሐሉም አንዱ ያንን ዜማ በዝግታ ማንጎራጎር ጀምሮ ነበር። ግራዝማች ሰዉን አዩት፤ ሣጥኑን አዩት። ከበሩ ፈቀቅ አሉ። አድማሴ በዚያው ቀን ከአርበኞቹ ጎን አረፈ።

ባንቺአየሁ በዚያ ዘፈን የወንድሟን ዘመዶች አጣች፤ እስከ ዕድሜዋ ፍጻሜ ደጋውን አልረገጠችም። ከዋኘው ጋርም ዳግመኛ አልዘፈነችም፤ መንገድ ላይ ሲገናኙ ራስ ነቅንቀው ይተላለፋሉ እንጂ ቃል እንኳ መለዋወጥ አልለመዱም። ይህ የከነከናቸው ጠጪዎች እንኳየሁን ይወቅሷት ነበር፦ «ያን የመሰለ ሸጋ ዘፈን ካዘፈንሻቸው ምነው ጨርሰሽ አታስታርቂያቸውም?»

«ማስታረቅ መቼ ፈለግሁ?» ትላለች ብርሌ እየሞላች። «እኔ የፈለግሁት ባሌን ነው።»