ቡልቅ የሚለው ጠርሙስ

የሕፃን ደረት ሲንቀጠቀጥ ደስ ይለኛል ብል እብድ ናት ትሉኝ ይሆናል። በእኛ ቆላ የሚንቀጠቀጥ ሰው ወባ የያዘው ነው፤ ሌላ ትርጉም የለውም። እኔ ግን ድንበሩ ጥግ ባለ ሆስፒታል የጨቅላ ሕፃናት ክፍል ነርስ ነኝና ለእኔ ሌላ ትርጉም አለው።

ትርጉሙን ያወቅሁት ከዓመታት በፊት ለሦስት ወር ሥልጠና ወደ ትልቅ ከተማ ስላክ ነው። እዚያ አንድ ማሽን አየሁ። ሌላው የመተንፈሻ ማሽን አየር ያስገባል፣ ያስወጣል፤ የልጁ ደረት ከፍ ዝቅ ይላል። ይኸኛው እንደዚያ አያደርግም። ሳንባውን በአየር ነፋ አድርጎ ይይዝና በየሰከንዱ ብዙ ጥቃቅን ትንፋሽ ያርገበግብበታል። ልጁ ከአንገቱ እስከ እምብርቱ ይንቀጠቀጣል፣ ሞተሩ ተነስቶ እንደቆመ ትራክተር። አሠልጣኛችን ያልጠና ሳንባ በኃይል ሲለጠጥ እንደሚጎዳ፣ ይህ ማሽን ግን ሳይለጥጥ ክፍቱን እንደሚያቆየው አስረዳን። ስሙ ኦሲሌተር ነው። ሦስት ወር ሙሉ አጠገቡ ቆሜ በቅናት አየሁት። የእኛ ሆስፒታል እንኳን እሱን ሊያመጣ፣ መብራቱም ሲፈልግ ነው የሚመጣው።

ስመለስ የተውሁትን አገኘሁ። ከክፍሉ አየር ኦክስጅን የሚያጣራ አንድ ማሽን፣ ጥቂት የሕፃን አልጋ፣ ግድግዳው ላይ እንሽላሊት፣ እና ጠርሙሱ። ጠርሙሱ ስል ውሃ ያለበት ተራ የፕላስቲክ ጠርሙስ ማለቴ ነው። ኦክስጅኑ በቀጭን ቱቦ ወደ ልጁ አፍንጫ ይገባል፤ የቱቦው ሌላ ጫፍ ደግሞ ውሃው ውስጥ ይጠልቃል። ልጁ ሲያስወጣ አየሩ ውሃውን ገፍቶ መውጣት አለበት፤ ትንሿ ሳንባ እንዳትጨማደድ ደግፎ የሚይዛት ያ ግፊት ነው። ቱቦው አምስት ሴንቲ ሜትር ከጠለቀ ግፊቱ አምስት ነው፤ አሥር ከጠለቀ አሥር። ሌላ መቆጣጠሪያ ቁልፍ የለውም። ውሃው ቡልቅ ቡልቅ ሲል የልጁ ደረትም አብሮ በስሱ ይርገበገባል። ኦሲሌተር ነው አላልሁም፤ ሞኝ አይደለሁም። ግን የዚያ የሀብታም ማሽን ድሃ ዘመድ ይመስለኛል። እኔም የድሃ ዘመድ ስለሆንሁ ተግባባን።

ያን ዓመት የተመደበልን ወጣት ሐኪም ግን ጠርሙሱን አልወደደውም። ጨዋ ልጅ ነው፤ እሱ እርስዎ ይለኛል፣ እኔ አንተ እለዋለሁ፣ ዕድሜው ከበኩር ልጄ አይበልጥም። ጊዜው ሳይደርስ የተወለደ ልጅ ባየ ቁጥር የሚያውቃት አንዲት ቃል ነበረች፤ ሪፈር። ወደ ጎንደር ይላክ። ትምህርት ቤት ያስተማሩት እንደዚያ ነው፣ አልፈርድበትም። እኔን ግን ያቺ ቃል ታሳምመኛለች።

አንድ ጊዜ ሪፈር የተባለ ልጅ ይዤ በአምቡላንስ ወጥቻለሁ። ከገንዳ ውሃ ከተማ አልፈን ዳገቱን ስንጀምር ልጁ እጄ ላይ ትንፋሹን ተወ። አሸሁት፣ ነፋሁለት፣ ምንም። እናቱ ፊት ለፊቴ ተቀምጣ ታየኝ ነበር። ደፍሬ ልነግራት አልቻልሁም። ሾፌሩም ስላልነገርሁት ሳይረኑን እያስጮኸ ጎንደር ድረስ ነዳ። ሬሳ ታቅፌ ያን ያህል መንገድ ሄድሁ። ከዚያ በኋላ ማንም ስለ መንገድ ሊያስተምረኝ አይችልም።

ያቺ የምነግራችሁ ሕፃን የመጣችው በሰሊጥ አጨዳ ሰሞን ነው። እናቷ ከጎጃም ለአጨዳ የወረደች ልጅ እግር ሴት ናት። ሰሊጥ ቀኑ ካለፈበት ይረግፋል፤ ስለዚህ ያን ሰሞን እርሻ ላይ ማንም አርፎ አይቀመጥም፣ የሰባት ወር እርጉዝም ቢሆን። ምጧ የያዛት ማጭድ ይዛ ነው። ጓደኞቿ በትራክተር ተሳቢ ላይ ጭነው አመጧት፣ ደጃፋችን ላይ ወለደች። ልጅቱ ከመዳፌ እምብዛም አትበልጥም ነበር። በተነፈሰች ቁጥር የጎን አጥንቶቿ መሃል ያለው ሥጋ ወደ ውስጥ ይሰምጣል፤ ታቃስታለች።

«ሪፈር» አለ ዶክተሩ።

«መንገዱ ተዘግቷል» አልሁት። ለምን እንደተዘጋ የቆላ ሰው አይጠይቅም፤ መቼ እንደሚከፈት ብቻ ነው የሚጠይቀው።

ቱቦዬን አዘጋጀሁ፣ አምስት ላይ በፕላስተር ምልክት አደረግሁ፣ ጠርሙሱን አልጋው ሥር አሰርሁት። ቡልቅ ማለት ጀመረ። ከአንድ ሰዓት በኋላ ማቃሰቷ ረገበ። እናትየዋ ግድግዳ ተደግፋ ቆማለች። ፈርታለች፤ እንደሷ የፈራ ሰው አይቼ አላውቅም።

«እታለም፣ ምኗ ነው የሚያንቀጠቅጣት? ወባ ነው እንዴ?» አለችኝ። ነጠላዋን አውልቃ ልትከድናት ስትል እጇን ያዝሁት።

«ወባ አይደለም። ገና አልጠናችም፣ ገላዋን ነካ ነካ አታድርጊ። ይልቅ ይኼን ውሃ እዪው። ትንፋሿ ያለው እዚህ ውሃ ውስጥ ነው። ቡልቅ እስካለ ድረስ ልጅሽ አለች።»

ደግ ነገር የተናገርሁ መስሎኝ ነበር። እሷም ቃሌን ተቀብላ ጠርሙሱ አጠገብ ቁጭ አለች። ልጇን ትታ ውሃ ስታይ ዋለች። በማግሥቱም እንደዚያው።

በሦስተኛው ቀን ረፋዱ ላይ ወላድ ክፍል ቆይቼ ስገባ ድምፁ ተለውጧል። ጆሮዬ ያውቀዋል። ያ ፈጣን ቡልቅታ ጠፍቶ አልፎ አልፎ ብቻ ቡልቅ ይላል። ልጅቱን አየኋት፤ ደረቷ ተነፍቶ ቀርቷል፣ አይርገበገብም፣ ከንፈሯ ጠቁሯል፣ እግሯ ላይ ያሰርነው የኦክስጅን መለኪያ ይጮኻል። ጎንበስ ብዬ ጠርሙሱን ሳይ ውሃው ከፕላስተሩ ምልክት አልፎ አንገቱ ድረስ ሞልቷል። ቱቦውን ሳብ አድርጌ ወደ አምስቱ መለስሁት። ቡልቅታው ተመለሰ። የእሷ መልክ ግን ቶሎ አልተመለሰም። ዶክተሩ ሮጦ መጣና ደረቷን በግራም በቀኝም አዳመጠ። ሳንባዋ ተቀድዶ ቢሆንስ? እኔ ዓይኔን ከመለኪያው አልነቀልሁም።

«በሁለቱም በኩል አየር ይገባል» አለ በመጨረሻ።

ወደ እናትየዋ ዞርሁና ጮኽሁባት። «ማነው ውሃ የጨመረ? ልትገድያት ነው?»

አንዲት ትንሽ ጀሪካን ደረቷ ላይ አቅፋለች። «ጸበል ነው» አለች።

ጠዋት ተነስታ ቤተ ክርስቲያን ሄዳ ነበር። አራስ ስለሆነች ወደ ቅጥሩ አትገባም፤ በር ላይ ቆማ በሰው አስቀድታ ነው ያመጣችው።

«ሴት ልጅ የምትጠመቀው በሰማንያ ቀኗ ነው። እስከዚያ ባትቆይልኝስ? ክርስትና ሳትነሳ ብትሄድብኝስ? ገላዋን አትንኪ አልሽኝ። አልነካሁም። ትንፋሿ ውሃው ውስጥ ነው አልሽኝ። እኔማ ትንፋሿን ላስጠምቅ ብዬ ነው።»

ምን ልበላት? ያልኋትን ነው ያደረገችው። ቃሌን ከእኔ በላይ አምናዋለች። የዚያን ሰዓት እፍረት እስከ ዛሬ ፊቴን ያግለዋል።

ውሃውን በሙሉ ቀየርሁ። ከጠርሙሱ የወጣውን ጸበል የትም አይደፋምና በጣሳ አድርጌ ሰጠኋት፤ ሰው በማይረግጠው በግቢው ኒም ዛፍ ሥር ሄዳ አፈሰሰችው። ዶክተሩ እሷ እስክትወጣ ጠብቆ ተናገረኝ።

«ሲስተር፣ የእኔ ስጋት ይኼው ነበር። ማንም እየመጣ ውሃ የሚጨምርበት ዕቃ የሕክምና መሣሪያ አይባልም። ያንሱት።»

«አንስቼ ምን ልስጣት?»

«ኦክስጅን በአፍንጫዋ ብቻ። መንገዱ እስኪከፈት።»

«እስኪደክማት ማለትህ ነው። እሱን እኔም አንተም እናውቃለን። ጥፋቱ የጠርሙሱ አይደለም፣ የእኔ ነው። ውሃ እዪ ያልኋት እኔ ነኝ። ቅጣት ካለ እኔን ቅጣኝ። ልጅቱን ግን በእኔ ጥፋት አትቅጣት። አላነሳም።»

አላነሳሁምም። የጠርሙሱን አፍ ለአየሩ መውጫ ብቻ ትቼ በፕላስተር አሸግሁት፤ ውሃው የሚቆምበትን በቀይ ማርከር አሰመርሁ። ሙቀቱ ውሃውን ስለሚያጎድለው በየሰዓቱ ራሴ አያለሁ። እናትየዋንም ቁጭ አድርጌ እንደገና አስረዳኋት። አዎ አዎ አለችኝ፤ ዓይኗ ግን ከውሃው አልተነሳም።

በሰባተኛው ቀን መንገዱ ተከፈተ ተባለ። አምቡላንሱ በር ላይ ቆመ። ዶክተሩ የሪፈር ወረቀቱን ጽፎ ይዞልኝ መጣ፤ አጃቢዋ እኔ ነኝ።

«አልሄድም» አልሁት።

«ሲስተር፣ ጎንደር እኮ እውነተኛው ማሽን አለ።»

«እሷ ከደረሰች። መኪናው ላይ ያለው ኦክስጅን ስንት ሰዓት እንደሚቆይ ሾፌሩን ጠይቀው። ጠርሙሱ በዚያ ዳገት ተንገጫግጮ አይሠራም። ዛሬ ከትናንት ትሻላለች፣ ራስህ አይተሃታል። ለምን ብዬ ነው ከሚያስተነፍሳት ነገር ነቅዬ መንገድ ላይ የማወጣት? እዚህ ቆላ የተወለደ ልጅ መዳን ያለበት ደጋ ወጥቶ ብቻ ነው ያለው ማነው?»

ድምፄ ከፍ ብሎ ነበር። ሾፌሩ ጥሩንባውን ነፋ።

«ብትሞት ኃላፊነቱን ይወስዳሉ?»

«እወስዳለሁ።»

«በጽሑፍ?»

እናትየዋን ጠየቅናት። ስለ መንገዱም ስለ ጠርሙሱም፣ ልጅቱ እዚህም ልትሞት እንደምትችል፣ ሳልደብቅ ነገርኋት። «ውሃው ካለበት አታንሱብኝ» አለች። የልጅቱን ካርድ ከዶክተሩ ተቀብዬ ጻፍሁ፣ ፈረምሁ። ጀግና ሆኜ አይደለም፤ ፊርማዬን ያየ ሰው ስንት ቦታ እንደተሰበረ ያውቃል። ልጅቱ ብትሞት ሥራዬን አጣለሁ፤ ከሥራዬ በላይ ግን በስተርጅና ራሴን የማይበት ዓይን አጣለሁ። ፈርቼ ነበር። ፈርቼም ቢሆን አልሄድሁም። አምቡላንሱ ማጭድ እግሩን የቆረጠው ሠራተኛ ጭኖ ሄደ።

ዶክተሩ ከዚያ በኋላ በየሁለት ሰዓቱ እየመጣ ትንፋሿን ይቆጥር ጀመር። ሊያጠምደኝ ነው ብዬ ነበር መጀመሪያ። ኋላ ሳየው ቀዩን መስመር ጎንበስ ብሎ ያያል፣ ውሃው ሲጎድል ይጠራኛል። አንድ ቀን ራሱ ሞልቶት አገኘሁት። ልክ እመስመሩ ላይ።

በአሥራ አንደኛው ቀን የጎኗ ሥጋ መስመጥ ከቆመ ሁለት ቀን ሆኖት ነበር። «እንሞክራት» አልሁ። ዶክተሩ መለኪያውን ያዘ። ፕላስተሩን በውሃ አርሼ ከጉንጯ ላይ ቀስ ብዬ አላቀቅሁ፤ ቱቦውን ከአፍንጫዋ አወጣሁ፤ ኦክስጅኑን ዘጋሁ። ክፍሉ ጭር አለ። ያን ሁሉ ቀን ቡልቅታውን ለምደነው ኖሮ ዝምታው ከበደን።

ደረቷ መርገብገቡን ተወ። አንድ አፍታ ሆዷም ደረቷም ጸጥ አሉ። ዶክተሩ ቀና ብሎ አየኝ፣ እኔም አየሁት። ከዚያ ደረቷ ከፍ አለ። ዝቅ አለ። ደግሞ ከፍ አለ። መለኪያው አልወረደም።

ይኼኔ ከኋላዬ ጩኸት ሰማሁ። እናትየዋ ናት። እሷ ልጇን አላየችም፤ ጠርሙሱን ነበር የምታየው። ውሃው ዝም ብሏል። በሁለት እጇ ደረቷን እየመታች «ልጄን! ልጄን!» እያለች ሙሾ ጀመረች፣ መሬት ላይ ተደፋች። አስቀድሜ ሳልነግራት ነበር ቱቦውን ያወጣሁት። ይህም ሁለተኛው ጥፋቴ ነው።

በብብቷ ገብቼ አነሳኋት። ትታገለኝ ነበር፣ የአጫጅ ክንድ ነው፣ አልቻልኋትም፤ ዶክተሩ አገዘኝ። አልጋው ጋ አድርሰን፣ እጇን በግድ ፈልቅቄ ከልጅቱ ደረት ላይ አደረግሁት።

ማልቀሷን አላቆመችም፤ እጇ ግን ዝም አለ። ከእጇ ሥር ከፍ አለ፣ ዝቅ አለ። ሰሊጥ የሰነጣጠቃቸው ጣቶቿ አብረው ከፍ ዝቅ አሉ። ከዚያ ውሃውን አየች፣ እኔን አየች።

«በራሷ ነው?» አለችኝ።

«በራሷ ነው።»