ቸኮል የሳቀባት ቁራጭ

ወንድሜ አካሉ ፊልም ሠሪ ነበር። ወሎ ቦረና፣ መካነ ሰላም ውስጥ ፊልም ሠሪ ነበር ስል የሚስቁብኝ አሉ፤ ይሳቁ። የኤሌክትሪክ መብራት ሳይገባ፣ የጭነት መኪና ጭቃ ውስጥ ሰንብቶ በሚደርስበት ዘመን፣ አንድ አሮጌ ካሜራና አንድ እልኸኛ ሰው ብቻ ይዘን ፊልም ሠርተናል። ሠርተናል የምለውም አለምክንያት አይደለም፤ ለሰርጌ የተገዛ አቡጄዲ ሄዶበታል፣ ጋኔ ተበላሽቶበታል፣ ከአባቴም ጋር ተጣልቼበታለሁ።

አባታችን መሪጌታ ኃይለ ማርያም ድጓ ያስተምሩ ነበር። አካሉ ወንበራቸውን እንዲወርስ ነበር ምኞታቸው። እሱ ግን ደሴ ለትምህርት እንደሄደ ሲኒማ ቤት ገባና በዚያው ቀረ። መጀመሪያ አዳራሽ ጠራጊ፣ ቀጥሎ የማሳያው ማሽን ሠራተኛ ሆነ። በኋላም ገጠር ለገጠር እየዞረች ስለ ወባ ፊልም ከምታሳይ መኪና ጋር ሠራ። መኪናዋ ስትቆም ማሽኑ ሊጣል ነው ቢሉት ለምኖ ወሰደው። ካሜራውን የሰጠችው ወደ አገሯ የምትመለስ አንዲት ፈረንጅ ነርስ ናት፤ እንደ ሰዓት በቁልፍ የሚሞላ፣ ድምፅ የማይቀዳ ካሜራ ነው። ይህን ሁሉ በአህያ ጭኖ ቤት ሲገባ አባዬ "ልጄ ድጓውን ትቶ ሳጥን ይዞልኝ መጣ" ብለው ብዙ ቀን አኮረፉት።

የመጀመሪያ ፊልሙ ስለ ጠፋች በቅሎ ነበር። ተዋንያኑ ጎረቤቶቻችን፣ በቅሎዋ የአባዬ፣ ሌባው ደግሞ ቸኮል የሚባል ቀልደኛ ገበሬ ነው። ካሜራ የሚጫንበት ጋሪ ስላልነበረ አካሉ የሬሳ ቃሬዛ ላይ ተኝቶ፣ አራት ጎረምሶች እየሮጡ ተሸክመውት ነው ያነሳው። ገበያተኛው ቀብር መስሎት ቆሞ ነፍስ ይማር ሲል አካሉ ቀና ብሎ "አይቁሙ፣ ይለፉ!" ብሎ ጮኸ። ሴቶቹ እሪ ብለው ሸሹ። ያም ፊልሙ ውስጥ ገባ፤ ሕዝቡ በጣም የወደደውም እሱን ነው።

የምናሳየው በወይዘሮ ሀጀራ ወፍጮ ቤት ጎን ባለው የእህል መጋዘን ውስጥ ነበር። የማሽኑን መብራት የሚሰጠን የወፍጮው ሞተር ነው። መጋዘኑ መስኮት ስለሌለው በሩ ሲዘጋ በጠራራ ፀሐይም ይጨልማል። አቡጄዲዬ ግድግዳው ላይ ይወጠርና አካሉ ከማሽኑ ጎን ቆሞ የሁሉንም ንግግር በራሱ አፍ ያሰማል። የቸኮልን ድምፅ ሲያወጣ የቸኮል ሚስት ንግሥቴ እንኳ "እሱው ነው እኮ!" እያለች ትስቅ ነበር።

በስድሳ አምስት ዓመተ ምሕረት ረሀቡ ገባ። በሬው አለቀ፣ ወፍጮው ዝም አለ፣ ሰው በአቀስታ በኩል ወደ ደሴ ይተም ጀመር። አካሉ ለሌላ ሥራ ያስቀመጠውን፣ ገና ያልተነሳበትን ፊልም አውጥቶ መንገድ ዳር ቆመ። እኔ ተናደድሁበት።

"ሰው የሚቀምሰው አጥቶ አንተ ፊልም ታነሳለህ? አታፍርም?"

"እታለም፣ ሹሞቹ ከአሁኑ ረሀብ የለም እያሉ ነው። ነገም አልነበረም ይላሉ። እኔ እህል የለኝ፣ ያለኝ ይኸው ነው" አለኝ።

ቸኮል ሲወጣ እኔም ነበርሁ። ንግሥቴ አራስ ስለነበረች ልትከተለው አልቻለችም፤ እህል ይዞላት ሊመለስ ነው። ሌላ ልብሱ ሁሉ በእህል ተለውጦ፣ የቀረው የለበሰው ጋቢ ብቻ ነበር። የጋቢው ትከሻ ስለተቀደደ ንግሥቴ በጥቁር እራፊ በመስቀል ቅርጽ ጥፋበታለች። ካሜራው ፊት ሲደርስ ዱላውን ትከሻው ላይ አጋደመና "አሁን ደግሞ ማንን ልስረቅ?" ብሎ ሳቀ። ጉንጩ ገብቶ፣ ጥርሱ ብቻ ቀርቶ፣ ግን የራሱን ሳቅ ሳቀ። ከዚያ በኋላ አላየነውም።

አካሉ ከቀናት በኋላ በዚያው መንገድ ደሴ ድረስ ሄደ። ከተማው ዳር ያለውን የረሀብተኛ መጠለያ በጋቢው ስር በደበቀው ካሜራ ከሩቅ እየሰረቀ አነሳው። ያን ጊዜ ይህን ሲያነሳ የተገኘ ይታሰር ስለነበር ፎቶ ቤት ወስዶ ማሳጠብ አይታሰብም። ጥቅልሎቹን በስልቻ አድርጎ ባዶ ጎተራችን ውስጥ ቀበራቸው።

ከዚያ አብዮቱ መጣ፤ ረሀብ ነበር ማለት ተፈቀደ። ደሴ ያለ አንድ ወዳጁ ማጠቢያውን መድኃኒት ልኮለት ቤታችን ውስጥ ሊያጥብ ተነሳ።

"እታለም፣ አንድ ጋን በደንብ አጥበሽ አዘጋጂልኝ" አለኝ።

አዘጋጀሁ። በግራዋ ፈትጌ፣ በወይራ አጥኜ፣ ሽታው የሚያስጎመጅ ጋን ሰጠሁት። የመጀመሪያው ጥቅልል በጥቀርሻ ተዥጎርጉሮ ወጣ።

"ጠላ ልጠምቅ ነው ያልሁሽ?"

"ጋን ስትለኝ ምን ልታደርግበት ይመስለኛል?" ብዬ ጮኸሁበት። ዛሬም ቢሆን ጥፋቱ የእኔ ነው አልልም። ጋኑን እንደገና አጥቤ ሰጠሁትና የቀሩት ጥቅልሎች ጥርት ብለው ወጡ።

ፊልሙን ቤት ውስጥ ገመድ ዘርግተን እንደ ቋንጣ ሰቀልነው። እኔ በበሩ ብርሃን አንድ በአንድ ሳይ መጠለያው ላይ ደረስሁ። ሬሳዎች በየልብሳቸው ተጠቅልለው በመስመር ተጋድመዋል። አንደኛው ጋቢ ትከሻው ላይ ጥቁር መስቀል አለው።

"አካሉ፣ ይህቺ እራፊ የማን ናት?"

መጥቶ አየና መሬት ላይ ተቀመጠ። ከሩቅ በድብቅ ሲያነሳ አላወቀውም ነበር። ንግሥቴ እኮ ያን ሁሉ ጊዜ ከደሴ መኪና በመጣ ቁጥር ሕፃኗን አዝላ እየወጣች "ቸኮልን ያየ አለ?" እያለች ትጠይቅ ነበር።

አካሉ ፊልሙ የሚታይበትን ቀን አስቀድሞ አስነግሯል፤ አገሩ ሁሉ ሊመጣ ነው። እኔ የሬሳውን ቦታ ቁረጠው አልሁት። "ንግሥቴ ከሰው መሀል ተቀምጣ ባሏን እንደዚያ ትየው?" እሱ ግን አሻፈረኝ አለ። "ቆርጬው ምን ላድርጋት? ዕድሜዋን ሙሉ መኪና ስትጠብቅ ትኑር?" ልብ የለህም ብዬ ሰደብሁት።

በማግሥቱ ደግሞ ካሳ መጣ። ካሳ ለአዲሱ መንግሥት የቅስቀሳ ሥራ የተመደበ ጎልማሳ ነው፤ ፊልሙን ሕዝብ ሳያየው ሊመረምር ነው የመጣው። ሬሳዎቹን ሲያይ "ይህ ጥሩ ነው" አለ። ጥሩ! ቸኮል ሲስቅ ግን ፊቱን ቋጠረ።

"ይሄ ይውጣ። የተራበ ጭቁን አይስቅም።"

"ስቋል እኮ" አለ አካሉ።

"ቢስቅም ለትግሉ አይጠቅምም።"

"ጓድ ካሳ፣ እርስዎ ያን ቀን አልነበሩም። እኔ ነበርሁ። አይወጣም።"

ካላወጣው እንደሚያስከለክለው ነግሮት ሄደ። እኔ ሬሳውን፣ ካሳ ሳቁን ቁረጥ እያልን፣ እሱ አንዲት ጣት ያህል አልቆርጥም ብሎ ተቀመጠ። ያን ጊዜ አባዬ፣ አንድም ፊልም አይተው የማያውቁት አባዬ፣ "እስቲ አምጣው" አሉ። በር ላይ ቆመው ወደ ፀሐይ አንስተው ብዙ አዩት። ከዚያም አማተቡ።

"መርዶ በአደባባይ አይነገርም፤ በወጉ ይነገራል" አሉ። "መጀመሪያ እኛ እናርዳት። ያንተ ፊልም ከዚያ ይደርሳል።"

ሊነጋጋ ሲል ከሽማግሌዎች ጋር ወደ ንግሥቴ ቤት ሄዱ። በሯን ከፍታ እነሱን በዚያ ሰዓት ቆመው ስታይ ማንም ቃል ሳይናገር ተረዳች። ጩኸቷ እኛ ቤት ድረስ ተሰማ።

ለቅሶው ግን ለቅሶ አልሆን አለ። በአገራችን ሬሳው ከሌለ የሟች ልብስ ይዘረጋል፤ አልቃሿ ልብሱን እያነሳች ሙሾ ታወርዳለች፣ ሰው ደረቱን ይመታል። ቸኮል ደግሞ ልብስ የለውም፤ የነበረችው አንዲት ጋቢ አብራው ሄዳለች። አልቃሿ ባዶ እጇን እያነሳች ባዶ እጇን ስትመልስ ማየት ያማል። በሣልስቱ ንግሥቴ ወደ አካሉ መጣች።

"ሳቁን ይዘኸዋል አሉኝ። አሳየኝ።"

ወይዘሮ ሀጀራ "አብሽሪ ልጄ" ብለው ሞተሩን አስነሱልን። መጋዘኑ ውስጥ የገባነው ለቀስተኞች ብቻ ነን። ቸኮል አቡጄዲዬ ላይ ሲመጣ ሁሉም ብድግ አለ። አካሉ በቸኮል ድምፅ "አሁን ደግሞ ማንን ልስረቅ?" አለ። ንግሥቴ መጠለያው ሳይመጣ ማሽኑን አስቆመችው።

"እራፊዬን አውቀው ካረዱኝ ይበቃኛል፤ ያንን አላይም። ይህንን ስጠኝ። ምን ይዤ ላልቅስ?"

"ንግሥቴ፣ ግልባጭ የለውም እኮ። ከቆረጥሁት ሌላ የለኝም" አላት።

"እኔስ ሌላ ቸኮል አለኝ?"

ለካሳ እምቢ ያለ ሰው፣ ለእኔም እምቢ ያለ ሰው፣ "እታለም፣ መቀስ" አለኝ። ቆርጦ ሰጣት። ንግሥቴ ያችን ረጅም ቁራጭ በሁለት እጇ ከራሷ በላይ አንስታ ወጣች፤ አልቃሿም ተቀበለቻት፤ ያን ጊዜ ለቅሶው ለቅሶ ሆነ። እኔም ከሁሉ በላይ አለቀስሁ፤ ከደሴ መንገድ ላልተመለሱት ሁሉ አለቀስሁ።

አካሉ በባዶው ቦታ በዚያው ልክ ምንም ያልተነሳበት ነጭ ፊልም አስገብቶ ቀጠለው። ካሳ ሳቁ መውጣቱን ሲሰማ ደስ ብሎት ፈቀደለት፤ እንዲያውም በጎረቤታችን በወግዲ ከተማ በገበያ ቀን እንዲታይ አዘዘ። "አሁን ገባህ" ሲለው አካሉ ፊልሙን ጠቅልሎ ሳጥኑ ውስጥ ከተተ። ምላሱን የዋጠ መስሎኝ በጣም አዘንሁበት።

ወግዲም በአንድ ወፍጮ ቤት መጋዘን ውስጥ ነበር የታየው። ካሳ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ ንግሥቴ ከል ለብሳ፣ ቁራጯን በመቀነቷ ቋጥራ ከእኛ ጋር በእግሯ መጥታለች። ረሀብተኞቹ አቡጄዲው ላይ እየወጡ፣ እየሄዱ፣ ፊልሙ ነጩ ቦታ ላይ ደረሰ። አቡጄዲው ባዶውን ቦግ አለ። ሕዝቡ ማሽኑ የተበላሸ መስሎት ማጉረምረም ሲጀምር አካሉ ድምፁን ከፍ አደረገ።

"እዚህ ላይ ቸኮል አለ። የቦረና ገበሬ ነው። ፊልሙ ሚስቱ ዘንድ ስላለ እኔ እነግራችኋለሁ። ርቦታል፣ ሚስቱ አራስ ናት፣ ደሴ ሊሄድ ነው። በበቅሎዋ ፊልም ላይ ሌባ ሆኖ ሠርቶልኝ ነበርና እኔን ሲያይ ዱላውን ትከሻው ላይ አጋደመና እንዲህ አለኝ፤ 'አሁን ደግሞ ማንን ልስረቅ?'"

"አጥፋው!" አለ ካሳ ብድግ ብሎ።

የሰማው የለም። መጋዘኑ ሙሉ ሰው ሳቀ። ከአቡጄዲው በሚመለሰው ብርሃን ፊታቸው ሁሉ ይታየኛል፤ ልጁን የቀበረ፣ በሬውን የሸጠ፣ ከመንገድ የተመለሰ ነው፤ ረሀብ ያልገባበት ቤት ያለው አንድም ሰው አልነበረም። ሁሉም ሳቁ። ንግሥቴም ከል እንደለበሰች፣ መቀነቷን በእጇ ይዛ፣ እንባዋ እየወረደ ሳቀች። ካሳ ዞሮ እያያቸው ቆሞ ቀረ። አካሉ ማሽኑን አላጠፋም።